ከካሜራው ጀርባ

ፊርዶስ ወንበሩ ላይ ከተቀመጠች አንድ ደቂቃ ሆኗታል። ከአዲስ አበባ የመጣችው ፊልም ሠሪ፣ በደረቀው የደቻቱ ወንዝ አሸዋ መሐል ካሜራዋን ፊት ለፊቷ ተክላ፣ «ሦስት ደቂቃ ብቻ፤ አይናገሩ፣ አይነቃነቁ፣ ወደ እኔ ይዩ» ብላት ነበር። ፊልሙ ድምፅ የለውም፤ የምትፈልገው ፊት ብቻ ነው። ፊርዶስ ሁለት ጊዜ ሳቋ አምልጧት ቀረጻውን ስላበላሸች፣ ለሦስተኛ ጊዜ ማበላሸቱ አሳፍሯት ጥርሷን ነክሳ ተቀምጣለች። ፀሐይዋ አናት ትበሳ ነበር። ከካሜራው ጀርባ፣ ደንገጎ ተራራ ላይ ግን፣ ሰማዩ ከጠዋት ጀምሮ ጠቁሯል።

መጀመሪያ ፍየሎቹ አሸዋውን ትተው ወደ ዳር ሮጡ። ቀጥሎ ድልድዩ ላይ ሰዎች ቆመው ወደ ላይኛው በኩል መጠቆም ጀመሩ። የእርጥብ አፈር ሽታ መጣ። ፊርዶስ ፊቷን ሳታንቀሳቅስ፣ ካሜራው የማያያቸውን እግሮቿን ከነጠላ ጫማዋ አወጣች። ደቻቱ ዳር ያደገ ሰው ጫማ አድርጎ አሸዋ ላይ አይሮጥም።

«ልጄ» አለች በመጨረሻ፣ «አቦ ተይው፣ እንውጣ። ጎርፍ መጣ።»

«በዚህ ፀሐይ?» አለች ፊልም ሠሪዋ፣ ዓይኗን ከካሜራው ሳትነቅል። «እባክዎ እማማ፣ ትንሽ ይታገሡኝ። ይህን ፍርሃት ከየት አመጡት? እንዲህ ያለ ፊት ቀርጬ አላውቅም።»

ፊርዶስ ከወንበሩ ተነሳች። የልጅቷን ሁለት ትከሻ ይዛ ወደ ኋላ አዞረቻት።