ለካሳነሽ የተያዘ ወንበር

ወልደዮሐንስ የዛሬውን ፊልም የመረጠው ለአንድ ተመልካች ነው።

ዲላ፣ ከመናኸሪያው ጀርባ ባለው ቪዲዮ ቤት፣ ቅዳሜ ከሰዓት ድምፅ አልባ ፊልም ይታያል። በትዕይንቶቹ መሃል የሚወጣው ጽሑፍ እንግሊዝኛ ስለሆነ ወልደዮሐንስ በማይክ በአማርኛ ያነባል። ዛሬ ከፊት አንድ ወንበር ይዟል።

«ትመጣለች?» አለው የቪዲዮ ቤቱ ባለቤት ሰብስቤ።

«ቲኬቱን ተቀብላለች።»

ካሳነሽ እጮኛው ነበረች። ከአምስት ዓመት በፊት፣ ጨለለቅቱ ከተማ ሲኖሩ፣ ሞተር መንዳት ያስተምራት ነበር፤ አባቷም «እኔስ መቼ ነው የምነዳው?» ይሉት ነበር። አንድ ቀን ቁልፉን እንደ ልማዱ ሞተሩ ላይ ትቶ፣ በሚሠራበት ቡና ማጠቢያ ውስጥ ሳለ፣ ከመንገዱ የግጭት ድምፅ ሰማ። ሮጦ ሲደርስ ሞተሩ ወድቋል። የካሳነሽ አባት፣ አቶ ገብረኪዳን፣ አጠገቡ ተዘርረዋል፤ አይተነፍሱም። እሷ በአንድ እጇ ጃንጥላ፣ በሌላው የአባቷን ምሳ እንደያዘች ቆማለች። በመንገዱ ላይ ሌላ ሰው አይታይም።

ምንም አልጠየቃትም። ትራፊክ ፖሊሱ ሲመጣ «የነዳሁት እኔ ነኝ» አለ።

ካሳነሽ ቀና ብላ አየችው። አልተናገረችም። ፍርድ ቤትም አልተናገረችም።

አራት ዓመት ታሰረ። እናቱ ሲሞቱ ለቀብር አልደረሰም። ካሳነሽ አንድም ቀን መጥታ አላየችውም። ከእሷ የሚጠብቀው አንድ ቃል ብቻ ነበር፤ የራሱን መልስ እዚያው እስር ቤት ሆኖ አዘጋጅቶ ጨርሷል።

መብራቱ ሲጠፋ መጥታ ተቀመጠች።

ፊልሙ ላይ ሰውየው የፍቅረኛውን ወንጀል በራሱ ላይ ወስዶ ይታሰራል። ሴትየዋ ችሎት ውስጥ አንገቷን ደፍታለች።

«ኧረ ተናገሪ አንቺ! አፍ የለሽም?» ብለው ጮኹ አንዲት እናት ከኋላ።

«እማማ፣ ፊልሙ ድምፅ የለውም እኮ!»

አዳራሹ ሳቀ። ካሳነሽ አልሳቀችም።

መጨረሻ ላይ ሴትየዋ እስር ቤቱ በር ላይ ተንበረከከች። ወልደዮሐንስ «ይቅር በለኝ» የሚለውን ቀስ ብሎ አነበበ። ካሳነሽ ዓይኗን በመዳፏ ጠረገች።

ሰው ሁሉ ሲወጣ እሷ ቀረች። ማይኩን አጥፍቶ ወደ እሷ ሄደ። መልሱ አፉ ላይ ነበር።

«ወልዴ፣ ልናገር፤ አታቋርጠኝ» አለች። «ይህን ለማለት አምስት ዓመት ፈጀብኝ።»

«እሺ፣ ካሱ።»

«ያን ቀን ስደርስ አባዬ ወድቆ ነበር። ገጭተኸው የሸሸህ መስሎኝ ረገምኩህ። ግን ተመልሰህ መጣህ፤ አመንክም። ይቅር ብዬሃለሁ።»