የኦብራድ ጧፍ

ኦብራድ የለኮሰውን ጧፍ በልጁ ጣቶች መሃል ሊያስይዝ ሲታገል፣ ከኋላው አንድ እጅ መጥቶ መነጨቀው።

"ምን እያደረጉ ነው፣ አባባ?"

ዶክተር ዴሳንካ ነች። ጦሩ ሴት ሐኪም አልመዘግብም ቢላት በገዛ ፈቃዷ ወደ ቫልዬቮ የጦር ሆስፒታል ዘምታ የመጣች። ከስድስቱ ሐኪሞች አምስቱን ተስቦ ጨረሳቸውና፣ ወለሉ ላይ በተነጠፈ ሳር የተደረደረው በሽተኛ ሁሉ ለእሷ ብቻ ቀረ። ዓይኗ ደም ለብሷል።

"ምን አደርጋለሁ! ልጄ እየሞተ ነው። ሰው ያለ መብራት ይሂድ? እዚያ ጨለማ ውስጥ መንገዱን በምን ያገኘዋል? ሁለት ቀን ሙሉ በበረዶ የመጣሁት ለዚሁ ነው።"

"ዛሬ አስራ አራተኛ ቀኑ ነው። ትኩሳቱ ወይ ይለቀዋል፣ ወይ ይወስደዋል። ዓይኑን ገልጦ በእጁ ጧፍ ካየ ግን አለቀ! አባቴም ተስፋ ቆርጧል ብሎ ይሞትብኛል። ትናንት ሁለት በሽተኞች እንዲሁ ሄደውብኛል።"

እፍ ልትለው ስትል ክንዷን ያዛት።

"ኧረ በእግዚአብሔር! ለነፍስ የበራ መብራት በሰው ትንፋሽ አይጠፋም! ኃጢአቱን ትሸከሚዋለሽ፣ ዶክተርም ብትሆኚ!"

ዴሳንካ የምትከራከርበት አቅም አልነበራትም። "እሺ። እኔ ልያዘው። የግድ ከሆነ በሰዓቱ አስይዘዋለሁ።"

"እንዳትረሺ!"

"ብረሳ የእናቴ አጥንት ይፋረደኝ።"

ሳጥን ገልብጣ ልጁ ራስጌ ተቀመጠች። መንደር እያለ ስለ እሷ ሲወራ፣ "ሴት ቢያውቅ በወንድ ያልቅ" እያለ ሲያሾፍ የነበረው ራሱ ኦብራድ ነው። አሁን በመድኃኒት የተሰነጣጠቀ እጇን እያየ አፈረ።

ከሰዓት በኋላ የልጁን ግንባር ቢዳስስ ላብ አጥምቆታል፤ ቀዝቅዟል። ትንፋሹም ረግቷል።

"ዶክተር! ዶክተር ሆይ!"

አልሰማችም። ራሷን ግድግዳው ላይ ጥላ፣ አፏን ከፍታ፣ ጧፉን እንደጨበጠች ነች። ሰሙ ጣቷ ላይ ይንጠባጠባል፤ አልተሰማትም።

ልጁ ሚሉቲን ዓይኑን ገለጠ። ፊት ለፊቱ ያያት እሷን ነው።

"አባዬ... ዶክተሯ ሞተች?"

"አፍህን ዝጋ! ደክሟት ነው እንጂ።"

"ታዲያ ጧፉን ማን አስያዛት?"

ኦብራድ አማተበ። ጎንበስ አለና፣ እንዳትነቃ ቀስ ብሎ፣ ጧፉን እፍ አለው።