ጭጎጎት

ባሌ ገመቹ ሮጦ ሲመለስ የት እንደነበረ የምነግረው እኔ ነኝ። ሯጭ ሁሉ ምስር የሚያክል የሐሳብ ማተኮሪያ መሣሪያ ከጆሮው ኋላ መለጠፍ ከጀመረ ወዲህ ሐሳቡ አይበተንም፤ ያለፈበት ግን አንዱም ትዝ አይለውም። ስለዚህ እሱ ደጃፉ ላይ ይቀመጣል፣ እኔ ካልሲውን እያየሁ አወራለታለሁ።

«ካልሲህ ላይ ጭጎጎት ተጣብቋል፤ በወንዙ በኩል ነው የመጣኸው።»

«እውነትሽን ነው?» ይላል፣ የሌላ ሰው ወሬ እንደሚሰማ።

ትናንት ልጃችን ለሊሴ ከትምህርት ቤት እያለቀሰች ገባች። ጠዋት መንገድ ላይ «አባዬ!» ብላ ብትጠራው፣ እያያት ጥሏት አልፏል። ገመቹ ይህን ሲሰማ ማተኮሪያውን ከጆሮው ኋላ ነቀለው።

ዛሬ ማተኮሪያውን ስኳር ዕቃው ላይ ትቶት ወጣ። አርፍዶ፣ ጉልበቱ ተልጦ ተመለሰ።

«መጀመሪያ ሐሳቤ እንደ ዝንብ አስቸገረኝ» አለ እያለከለከ። «ዳገቱ ላይ ግን ትንፋሼንና እግሬን ብቻ ሳዳምጥ፣ ትኩረቱ ራሱ መጣልኝ!»

እንደ ልማዴ ካልሲው ላይ ጎንበስ አልኩ። እግሩን ሰበሰበ።

«ተይው፣ ዛሬ እኔ ልንገርሽ። ለሊሴን ድልድዩ ጋ አገኘኋት። የግራ ጫማዋ ክር ተፈትቶ ነበር፤ ቆሜ አሰርኩላት።»