ለያቤሎ የሚሆን ቦርሳ

ዚፑ ጥጉ ላይ ሲደርስ ቀጥ አለ። ባለሱቁ ከሊፋ በአውራ ጣቱ ሊገፋው ሲል ኢየሩሳሌም እጁን ያዘችው፤ መያዟን ስታውቅ ደግሞ ደንግጣ ለቀቀችው።

«አትግፋው እባክህ፤ ስክሪኑን ይጫነዋል።»

«ይሄ ላፕቶፕ ነው እንዴ?» አለ ከሊፋ። «ከማን ቤት በር ነው የነቀላችሁት?»

በሩ ላይ ሳይቀር ቦርሳ ስለተንጠለጠለ ሱቁ በጠራራ ፀሐይም ይጨልማል። ከውጭ፣ ከመናኸሪያው በኩል፣ የረዳቱ ጩኸት በቦርሳዎቹ መሀል እየሾለከ ይገባል። «ያቤሎ! ያቤሎ! ሁለት ሰው የቀረው!»

ከዚህ ሌላ ዛሬ ወደ ያቤሎ የሚሄድ መኪና የለም። ፈተናው ነገ ጠዋት ነው። አንድ የእርዳታ ድርጅት በመረጃ ሠራተኝነት ሊቀጥራት አስቧል፤ «የራስሽን ላፕቶፕ ይዘሽ ነይ» ብለዋታል። ያላት ይኸው ነው፤ ያገለገለ፣ ከባድ፣ እንደ ትሪ የሰፋ፣ አንደኛው ማጠፊያው የላላ። ክፉኛ ከተናጠ ስክሪኑ ድርግም ይላል። አንዴ ጠፍቶ ሳምንት ሙሉ እንቅልፍ ነስቷት ነበር። የያቤሎን መንገድ ደግሞ ታውቀዋለች፤ ሰውን እንኳ ከወንበሩ አንስቶ የሚያፈርጥ መንገድ ነው።

እናቷ ማሚቱ ቦርሳዎቹን እንደሚገዛ በግ ወገብ ወገባቸውን እየዳበሰች ትዞራለች።

«ያንን ሰማያዊውን አውርደው።»

ከሊፋ መንጠቆ ባለው ዘንግ አወረደው። ላፕቶፑ ገባ፤ ግን ወዲያና ወዲህ ይንሸራተታል።

«ይሄ ውስጥ ሲዋኝ ሊውል ነው» አለች ማሚቱ። «ጥቁሩን።»

የጥቁሩ ማንገቻ ስፌቱ ላይ ክር አምልጦታል። ግራጫው ከሥሩ ስፖንጅ የለውም። ሌላው ዚፑ ከላይ ብቻ ስለሆነ ዝናብ ያስገባል።

«እትዬ ማሚቱ፣ ቦርሳ ነው ወይስ አማች የሚመርጡት?»

«አማችም ብመርጥ እንዲህ ነው። አውርድ አንተ፣ ክንድህ አይለግም።»

«አንቱ እዚህ ገበያ ከዋሉ እኔ ዛሬ ሱቁን ባዶ አድርጌ መሬት ላይ መነገዴ ነው።»

ኢየሩሳሌም ልትስቅ ሞክራ አልሆነላትም። «እማዬ፣ መኪናው...» አለች። የበለጠ እንዳትል የሚያደርጋት እናቷ በየቦርሳው የምታገኘው እንከን ሁሉ እውነት መሆኑ ነው። ማሚቱ የወታደር ሚስት ናት። ከጎዴ ጅጅጋ፣ ከጅጅጋ ነገሌ፣ ዝውውር በመጣ ቁጥር ቤቷን ጠቅልላ ስትጭን ኖራለች። እሷ ያሰረችው ብርጭቆ አይሰበርም ይባላል ካምፑ ውስጥ። ባለፈው ዓመት ባሏ ሲዛወር ግን አልጠቀለለችም። ልጄ ትምህርቷን ትጨርስ ብላ፣ ለመጀመሪያ ጊዜ ከባሏ ወደኋላ ቀርታ፣ ነገሌ ተቀመጠች፤ አሁን ቤት ውስጥ ያሉት እሷና ኢየሩሳሌም ብቻ ናቸው።

ከሊፋ በመጨረሻ ባንኮኒው ሥር ጎንበስ አለና በላስቲክ የተጠቀለለ ቡናማ ቦርሳ አወጣ። አንድ መሐንዲስ አዞት ሳይወስደው የቀረ ነው። ላፕቶፑ ጠበበኝም ሰፋኝም ሳይል ገባ፤ ስፖንጁ ከአራቱም በኩል አቀፈው። ዚፑ ዙሪያውን ያለ ድምፅ ሄዶ ተዘጋ።

«ጋሪ ዳ! ጥሩ ነው!» አለ ከሊፋ እጆቹን እያጨበጨበ። «ለክተው ቢሰፉት እንኳ እንዲህ አይሆንም!»

ኢየሩሳሌም ከጠዋት ጀምሮ የያዘችውን ትንፋሽ ለቀቀች። «በቃ እማዬ፣ ይሄ ነው። እንሂድ።»

«ቆይ፤ አልተፈተሸም» አለች ማሚቱ።

በካምፑ ወግ፣ ዕቃ መኪና ላይ ከመውጣቱ በፊት የታሰረው ካርቶን እስከ ደረት ተነሥቶ ይለቀቃል። የሚሰበር ካለ እቤት ይሰበር ነው። ኢየሩሳሌም ልጅ ሳለች ሳህን የሞላው ካርቶን ሲነሣ ሁልጊዜ ዓይኗን ትጨፍን ነበር።

«እማዬ አይሆንም! መጽሐፍ ነገር እንክተትበትና...»

ማሚቱ ቦርሳውን እስከ ደረቷ አነሣችው። ያዝ አድርጋው ቆየች። ከዚያ ለቀቀችው።

«ያ ረቢ!» አለ ከሊፋ።

ኢየሩሳሌም ሲሚንቶው ላይ ተንበረከከች። ጣቶቿ ዚፑን አጡት፣ አገኙት፣ መልሰው አጡት። ላፕቶፑን አውጥታ ባንኮኒው ላይ አኖረችውና ከፈተችው፤ መክፈቻውን ተጫነችው። ውስጡ ያለው ማራገቢያ ሽው ሲል ይሰማታል። ስክሪኑ ግን ጥቁር ነው፤ የሚታያት የራሷ ፊት ብቻ።

«ያቤሎ! አንድ ሰው! አንድ ሰው ብቻ!»

ከሊፋም ቀልዱን ጨርሷል።

ከዚያ ብርሃኑ መጣ። መጀመሪያ ግራጫ፣ ቀጥሎ ሰማያዊ ሆኖ፣ ያን ጨለማ ሱቅ ሞላው።

«አልሐምዱሊላህ! ቦርሳ ማለት ይሄ ነው!»

ኢየሩሳሌም እንባም ሳቅም እየተናነቃት ወደ እናቷ ዞረች። ሰማያዊው ብርሃን ማሚቱ ፊት ላይ አርፏል። ማሚቱ አልሳቀችም። ትከሻዋ ወርዶ፣ ከንፈሯ ትንሽ ተላቅቆ፣ ስክሪኑን ታያለች፤ ስትለምን ቆይታ እንደተከለከለች ሰው።

የኢየሩሳሌም ሳቅ አፏ ውስጥ ቀረ።

«እማዬ?»

«ደህና ነው» አለች ማሚቱ። «ሂጂ፤ ቦታ ያዥ።»

ጎንበስ ብላ ባዶውን ቦርሳ ከወለሉ አነሣች፤ አቧራውን በመዳፏ ታራግፈው ጀመር። አቧራው ከለቀቀው በኋላም ታራግፈው ነበር።