የመቀነቱ ጫፍ

«ሲተኛ በየት በኩል ነው?» ትላለች ዞይላ፣ ድንች እየላጠች።

«በግድግዳው በኩል።»

«ሲናደድስ?»

«አይናገርም። ጥፍሩን ይነክሳል።» ያዲራ ትስቃለች። «አንቺ ሴትዮ፣ ከተቆጣጣሪዎቹ ትብሻለሽ እኮ!»

ተቆጣጣሪዎቹ ዛሬ ረፋድ ላይ ይመጣሉ። የጋላፓጎስ ደሴቶች የኢኳዶር መሬት ናቸው፤ ኢኳዶራዊ መሆን ብቻውን ግን እዚህ አያኖርም። ከዋናው ምድር የመጣ ሰው በዓመት ስልሳ ቀን ጎብኝቶ ይመለሳል፤ መቅረት ከፈለገ የደሴቲቱን ተወላጅ ያገባል። አንሰልሞ ያገባት ተወላጅ ያዲራ ናት። ባልና ሚስትነታቸው የእውነት መሆኑ ዛሬ ከታመነ የነዋሪነት መታወቂያው ይጸናለታል። ካልታመነ ዕቃውን ሸክፎ ወደ አገሩ ነው።

ዞይላም ሚስቱ ናት። በዋናው ምድር ተራራ ላይ፣ በመንደራቸው በሳላሳካ ቤተ ክርስቲያን ውስጥ፣ ዘመድ አዝማድ እያየ ነው ያገባችው። እርሻው አልበቃ ሲላቸው፣ እዚህ ግንበኛ ተፈላጊ ነው ሲባል፣ ለወረቀቱ ሲሉ በመዝገብ ተፋቱ። «መታወቂያውን ላግኝ እንጂ ያዲራን ፈትቼ አንቺንም ልጆቹንም አመጣችኋለሁ» አላት። እሷም አሜን አለች። አሁን በየዓመቱ ስልሳ ቀኗን ይዛ ስትመጣ ለሰፈሩ ሁሉ የአክስቱ ልጅ ናት፤ ጎረቤት ወሬ ያቀብላል ተብሎ ወጥ ቤት ነው የምትተኛው።

ዘንድሮ የመጣችው ያዲራን ልታስጠና ነው። የአንሰልሞን ጠባይ አንድ በአንድ ትነግራታለች። መብረቅ እንደሚፈራ፣ ጠዋት በሶ ካልጠጣ እንደሚነጫነጭ፣ የሞተች እህቱን ስም። ከገዛ ሣጥኗ ልብስ እያወጣች ሌላ ሴት የምታለብስ ይመስላታል።

አንድ ነገር ግን አልሰጠችም። ከበጎቿ ጸጉር ፈትላ የሸመነችለትን መቀነት ነገር። አንሰልሞ ወገቡን ያመዋል፤ መቀነቱ ደግሞ ረጅም ስለሆነ ለብቻ አይታጠቅም። አንድ ሰው ጫፉን ወጥሮ ይይዛል፣ እሱ ከወዲያ ማዶ ሆኖ እየዞረ ይጠቀለልበታል። አገራቸው ሳሉ ቀናቸው የሚጀምረው እንዲህ ነበር፤ እየዞረ፣ እየዞረ መጥቶ ደረቷ ላይ ይቆማል። ትን ያለው ሰው ይመስል ሁልጊዜ እዚያ ላይ ይስቃል። ይህን ለማንም አትነግርም። እውነቱ ይነገር ከተባለ፣ ያዲራ አንዱን ጥያቄ ብትስትና ባሏን ቢመልሱላት ደስታዋ ነው። እንዲህ ናፍቃዋለች።

«ዓሣ አይበላም» ትላለች። «ሽታው ያቅለሸልሸዋል። እንዳትረሺ።»

«ኧረ ይበላል!» ትላለች ያዲራ። «እሁድ እሁድ ሎሚና ሽንኩርት አብዝቼ ስሠራለት፣ መጀመሪያ አካባቢ አፍንጫውን ይዞ ነበር። አሁን ሳህኑን ሊበላው ምንም አይቀረው።» ከዚያ ድምጿ ዝቅ ይላል። «ማለቴ… እያየ ለመደ።»

ዞይላ የያዘችውን ድንች ላጥታ ትጨርሳለች። «ጥሩ ነው» ትላለች። «ይበላል በያቸው።»

አንሰልሞ ታጥቦ፣ ነጭ ሸሚዙን ለብሶ፣ መቀነቱን በክንዱ አንጠልጥሎ ከመኝታ ቤት ይወጣል። «እንዴት አደርሽ፣ የአክስቴ ልጅ?» ይላል። በሩ ዝግ ነው፤ ከሦስቱ በቀር የሚሰማ የለም። ዞይላ ዓይኑን ትፈልጋለች፤ እሱ ግን በመስኮት መንገዱን ነው የሚያየው።

ደጅ የመኪና በር ይዘጋል።

«መጡ!» ያዲራ ብድግ ብላ በሩን ትከፍተዋለች፤ የምንደብቀው የለም ለማለት።

አንሰልሞ ሳያይ የመቀነቱን ጫፍ ይወረውራል። ዞይላ እጇን በቀሚሷ አብሳ ተነሥታለች። ጫፉ ግን ያዲራ እጅ ገብቷል። ያዲራም አላየችም፤ ዓይኗ ደጁ ላይ ነው። እጇ ብቻ ቀለበው፣ ዳሌዋ ላይ አስደግፋ ወጠረችው። አንሰልሞ ይዞራል። ወጥ ቤቱን እየዞረ ያቋርጣል፣ ዞይላን ያልፋል፣ ያዲራ ደረት ላይ ይደርስና ይስቃል። ያዲራ ጫፉን በግራ ጎኑ ትሸጉጥና መታ መታ ታደርገዋለች።

ይህን ማንም አላስጠናትም።

ደፍ ላይ የቆመችው ተቆጣጣሪ ሁሉንም አይታለች። «አቤት፣ አቤት» ትላለች እየሳቀች። «እኔ ባሌን ካልሲ እንኳ አላቀብለውም! ጥያቄ ይዘን ነበር የመጣነው፤ አሁን ምን ልጠይቅ?» አንሰልሞ በረጅሙ ይተነፍሳል። ያዲራ የሠራችው አሁን ገና የገባት ይመስል ወደ ዞይላ ትዞርና ወዲያው መሬት መሬት ታያለች።

«እርስዎስ?» ትላለች ተቆጣጣሪዋ።

«የአክስቱ ልጅ ነኝ።»

«ጎብኚ ነዎታ። ስንት ቀን ይቀርዎታል?»

ከስልሳው ገና ግማሹ አልተነካም። ዞይላ እጆቿን ታያለች፤ የሚወረወር ነገር እንደሚቀልብ ሰው እጅ አሁንም እንደተዘረጉ ናቸው። ሰብሰብ ታደርጋቸዋለች።

«ጨርሻለሁ» ትላለች።