የዋንዛው ገመድ

«አየህ ኤሱማ? ጎተተኝ» ትለኛለች ዘይቡ።

የገመዱን ጫፍ በሁለት እጇ ይዛለች። ሌላው ጫፍ ዋንዛው ላይ ወጥቶ፣ ቅጠልና ጉም ከተቀላቀሉበት ገብቶ ጠፍቷል። ከላይ የንቦች ድምፅ ይወርዳል። ከታች ቡናው አብቦ ጫካው ነጭ ሆኗል፤ ሽታው እንቅልፍ እንቅልፍ ያሰኛል። ለአፍታ እኔም እላይ ሰው ያለ ይመስለኛል።

ነፋስ ነው።

ኤሱማ በኦሮምኛ የእናት ወንድም ማለት ነው። ጅማ መርካቶ ልብስ ሰፊ ነኝ፤ ከመርፌና ከመቀስ ሌላ የማውቀው የለም። እህቴ ረሺዳ ግን እዚህ ሰቃ ድረስ አስጠራችኝ። «ቲጃኒ፣ ለልጅቷ ንገርልኝ። እኔ አፌ እምቢ አለኝ፤ አንተ ወሬ ታውቃለህ» አለችኝ።

የዘይቡ አባት ሸኩር ባለፈው ክረምት ለሚሊሺያ ሲወሰድ እሷ ተኝታ ነበር። ሲነጋ «አባ የት ሄደ?» ስትል ረሺዳ አፏ ላይ የመጣላትን ተናገረች፤ ቀፎ ሊያይ ዛፍ ላይ ወጥቷል አለቻት። ለዚያች ቀን ብቻ የታሰበች ውሸት ነበረች። ከዚያ ከኦጋዴን መርዶው መጣ። እኛ ደግሞ ለልጅ ሞት አንነግርም። እንዳትሰማ ብለን ለቅሶውን እንኳ የቡ ከተማ፣ የሸኩር እህት ቤት ተቀመጥን፤ ስንመለስ አንጀታችን እያረረ ፊቷ እንስቃለን። ሬዲዮው ድሉን ያበስራል፤ ስለ ሸኩር የሚለው የለም።

የአባትና ልጅ ሥራ እንዲህ ነበር። እሱ ይወጣል፣ እሷ ገመዱን ትይዛለች። ማሩን በቅል ከማውረዱ በፊት ይጎትትላታል፤ እሷም መልሳ ትጎትታለች፣ አለሁ ማለቷ ነው። አሁን በየቀኑ ቁርሷን ይዛለት ትመጣለች። ቂጣውን ጦጣ ይበላዋል፤ ለእሷ ግን የበላው አባቷ ነው። ከስታ አጥንቷ ወጥቷል። ትናንት ሲመሽ እዚሁ ዛፉ ሥር ተኝታ አገኟት። ጅብ ሳይደርስባት የቀረው በአላህ ሥራ ነው።

ልነግራት እጀምራለሁ። «ዘይቡ…»

«ኤሱማ፣ ለምንድነው የማይወርደው? ተቆጥቶኝ ነው?»

«ለምን ይቆጣሻል?»

«ያን ቀን እንቅልፍ ጣለኝ። ገመዱን አልያዝኩለትም።»

መንገዱን ሙሉ ሳሰናዳ የመጣሁት ንግግር ብን ብሎ ይጠፋል። ጎንበስ ብዬ ጫማዬን አወልቃለሁ።

«ምን ልታደርግ ነው?»

«ልወጣ ነዋ። አጥብቀሽ ያዢ።»

በሕይወቴ የወጣሁበት ከፍታ ቢኖር በርጩማ ነው። ይሄን ቦርጭ ተሸክሜ ቅርንጫፍ እንዴት እንዳለፍኩ ባትጠይቁኝ ይሻላል። ጉሙ ውስጥ ስገባ መሬቱ ይጠፋል፣ ዘይቡ ትጠፋለች፣ የቡናው አበባ ከሥሬ እንደ ደመና ነው። ቀፎው አጠገብ አልደርስም፤ አላበድኩም። ገመዱ የታሰረበት ቅርንጫፍ ላይ እንደ ቆቅ ተኮማትሬ እቀመጣለሁ። የሸኩር ቋጠሮ ነው፤ ዝናብ በልቶት አሁንም አልላላም። እንባዬ ይመጣል። ምን ዓይነት ሰው ነበር፣ አላህ ይዘንለት።

ገመዱን እጎትትላታለሁ።

ደግሜ እጎትታለሁ።

«ኤሱማ» ትላለች ከጉሙ ሥር፣ «ይሄ አንተ ነህ።»

«በምን አወቅሽ?»

«ይንቀጠቀጣል። አባ አይንቀጠቀጥም።»

«እውነትሽን ነው።»

«እዚያ አጠገብህ ማን አለ?»

«ንቦች አሉ። ሌላ ማንም የለም።»

ፊቷን ባለማየቴ ደስ ይለኛል፤ ባየው አልናገርም ነበር።

«ዘይቡ፣ አባ ሞቷል። ወደ ጦርነት ወሰዱት፣ እዚያ ሞተ። ከእንግዲህ አይመጣም። አንቺን አልተቆጣም፤ ሲሄድ ተኝተሽ ግንባርሽን ስሞሽ ነው የሄደው፣ እናትሽ አይታለች። አንቺ ነቅተሽ ገመዱን ብትይዢም መሄዱ አይቀርም ነበር። ዛፍ ላይ ነው ያልንሽ እኛ ነን። ዋሸንሽ።»

እጄ ላይ ያለው ገመድ መንቀጥቀጥ ይጀምራል፤ አሁን ከታች ወደ ላይ ነው። ድምፅ ሳታሰማ ስታለቅስ በመዳፌ ይሰማኛል። ብቻዋን እንዳይመስላት አልለቀውም፤ እኔም እላይ ሆኜ አለቅሳለሁ። ጉሙ ቀስ እያለ ይሳሳል።

ከዚያ አንዴ ትጎትተኛለች፣ በቀስታ።

«ኤሱማ።»

«አቤት።»

«እንዳትወድቅ። ይዤሃለሁ፣ ቀስ ብለህ ውረድ።»

ያ ገመድ የማር ቅል እንጂ ሰው አይሸከምም። እኔ ግን እሱን ይዤ እወርዳለሁ።