ሬክስ ይቆይ

ኖሊን ባሏን መጠርጠር የጀመረችው ሬክስ ደንሞር ደሴቱ ላይ በገባ በሁለተኛው ሳምንት ነው።

የቴሌቪዥን ፕሮግራሙ ቀላል ነው። አሥር ዝነኞች ሰው የሌለበት ደሴት ላይ ይወርዳሉ፤ በቀን አንድ እፍኝ ሩዝ ይሰፈርላቸዋል። ተመልካቹ በየምሽቱ «ይውጣ» የሚለውን ሰው ስም በስልኩ ይልካል። ስሙ በብዛት የተላከበት ሻንጣውን ይዞ ይሄዳል፤ መጨረሻ የቀረው ዋንጫውን ይወስዳል።

ሬክስ ዘፋኝ ነው። ኖሊን የአሥራ ሰባት ዓመት ልጅ ሆና ብሪዝበን ላይ መድረክ ሥር ቆማ ሳለ ጎንበስ ብሎ እጇን ጨብጧታል። ይኸው አርባ አራት ዓመት ስታወራው ትኖራለች። አሁን እሱም አርጅቷል፤ ዘፈኖቹን ከእሷና ከጥቂት ጓደኞቿ በቀር የሚያስታውስ የለም። ዋንጫውን ካነሳ ግን ዕድሜዋን ሙሉ የሳቁባት ሁሉ ያፍራሉ። ከሳቂዎቹ አንደኛው ደግሞ ባሏ ነው።

ግሬም ሠላሳ አንድ ዓመት የከተማቸውን የጊምፒን አምቡላንስ እየነዳ በሽተኛ ሲረዳ ኖሮ ጡረታ ወጥቷል። አሁን ጓሮ ባለችው የቆርቆሮ ቤት ውስጥ የጎረቤት ሣር ማጨጃ ይጠግናል። ሬክስ በሬዲዮ በመጣ ቁጥር «ደግሞ ይቺን ድመት ማን ጅራቷን ረገጣት?» ይላል።

የመጀመሪያውን ሳምንት እንደ ልማዱ ሲያፌዝ ሰነበተ። ከዚያ አንድ ምሽት ወደ ቴሌቪዥኑ ጠጋ ብሎ፣ «ሰውዬሽ ደህና አይመስለኝም» አለ።

«አንተ ደግሞ መቼ ደህና ነው ብለህ ታውቃለህ?»

«የምሬን ነው፣ ኖሊን።»

«አርባ ዓመት ቀንተህ አልወጣልህም? ሻይህን ጠጣ።»

ሻዩን ጠጣ። ከዚያ ወዲያ ግን ቀልዱን እርግፍ አድርጎ ተወው፤ ያሳሰባትም ይኸው ነው። ሬክስ በታየ ቁጥር የእጅ ሰዓቱን እያየ ከንፈሩን ያንቀሳቅሳል። ፕሮግራሙ እስኪያልቅ ደቂቃ እየቆጠረ ነው ብላ በገነች። ስም መላኪያው ሲከፈት ደግሞ ስልኩን ይዞ ወደ ጓሮ ውልቅ ይላል።

ሬክስ በበኩሉ በየቀኑ ልቧን ይሰርቃት ነበር። ሌሎቹ ከስተው አጥንታቸው ሲቆጠር እሱ ሞላ፣ ደረጀ። «የድሮ ሰው ሩዝም ይስማማዋል» አለቻት ለጓደኛዋ ለቤሪል። እንደ ወጣትነቱ የጫማውን ክር ፈትቶ፣ ግድ የለሽ ሆኖ ይንጎራደዳል። ሌሎቹ ተጋድመው ሲያንኮራፉ እሱ ዛፍ ተደግፎ፣ ቁጭ ብሎ ከዋክብት ሲያይ ያድራል። እሳት ዳር እንዲዘፍን ሲለምኑት አንድ ስንኝ ብሎ ያቆማል፤ ስሜት ትንፋሹን ያሳጥረዋል። እዚያች ላይ ኖሊን አለቀሰች።

በሦስተኛው ሳምንት ሬክስ ለጥቂት ከመውጣት ተረፈ። በማግስቱ ግሬም ገላውን ሲታጠብ ስልኩን አንስታ ከፈተችው። «ይውጣ» ወደሚባልበት ቁጥር በአንድ ምሽት ስድሳ ሦስት መልእክት ልኳል፤ ሁሉም ላይ ያለው አንድ ስም ነው። ሬክስ።

ስልኩን እንደነበረ አስቀምጣ ቤሪል ጋ ደወለች።

«ግሬም? ያ ለስላሳ ሰውዬ?» አለች ቤሪል።

«ለስላሳነቱን ለኔ ተይው። አልጋ የምጋራው ከጠላቴ ጋር ነው።»

«እና ምን ልታደርጊ ነው?»

«እሱ አንድ ነው። እኛ ብዙ ነን።»

በምትጫወትበት የቦውሊንግ ክበብ አርባ ሁለት ሴቶች አሉ። ኖሊን አንድ በአንድ አነጋገረቻቸው። ጸጉር ቤትም፣ መድኃኒት ቤት ወረፋ ላይም አላረፈችም። ሁሉም ደሴቱ ላይ የቀረችውን የአንዲት ወጣት ሞዴል ስም እንዲልኩ አስማለቻቸው። ረቡዕ ምሽት አሥሩ ሳሎኗን ሞልተው፣ ትኩስ ፓይ እየበሉ፣ አውራ ጣታቸው እስኪደነዝዝ ላኩ።

ግሬም ከጓሮ ገብቶ በሩ ላይ ቆመ።

«የማንን ስም ነው የምትልኩት?»

«የልጅቷን። ሬክስ ይቆያል» አለችው ኖሊን።

«ኖሊን፣ ይውጣ። እለምንሻለሁ።»

ሴቶቹ ተያይተው ሳቁ። በሠላሳ ስምንት ዓመት ትዳር ግሬም አንድም ቀን ለምኗት አያውቅም። ደስ አላት። ትንሽ አፈረች እንጂ በጣም ደስ አላት።

ሞዴሏ ወጣች። ሬክስ ከተቀመጠበት ግንድ ሳይነሳ እጁን አወዛወዘ፤ ሳሎኑ በጭብጨባ ተናጋ። ግሬም ተመልሶ ወደ ጓሮ ሄደ።

በማግስቱ ምሽት ኖሊን ሻይዋን ይዛ በሰዓቱ ተቀመጠች። ደሴቱ የለም። በቦታው የቆየ የምግብ አሰራር ዝግጅት ቀርቧል። ጣቢያ ቀየረች፣ መለሰች፤ ያው ሰውዬ ያንኑ ሽንኩርት ይከትፋል። በሪሞቱ አንድ ነገር ሠርቷል አለች በሆዷ፤ በድምፅ ሲሸነፍ አሁን በዚህ መጣ። ተነስታ እየተንደረደረች ወደ ጓሮ ወጣች።

ከቆርቆሮ ቤቷ የሬክስ ድምፅ ይሰማል። ሬዲዮው ነው። አንዱ ዘፈኑ ሲያልቅ፣ መሃል ላይ ማንም ሳይናገር፣ ሌላው ዘፈኑ ቀጠለ። ግሬም ለቅሶ ቤት እንደገባ ሰው ቆቡን አውልቆ ጉልበቱ ላይ አስቀምጦ ተቀምጧል።

«ደግሞ በዘፈኑ ልታሾፍብኝ ነው?» አለችው። «ቴሌቪዥኑን ምን አደረግከው?»

ቀና ብሎ አያት። ፊቱ ካለው ጠረጴዛ ላይ፣ ከማጨጃው ስለት አጠገብ፣ በእጅ የተጻፉ ወረቀቶች ተደራርበዋል። የስድቡ ዝርዝር መስሏት የላይኛውን ላፍ አደረገችው።

«ለጣቢያው ኃላፊዎች፤ ይህ ሦስተኛ ደብዳቤዬ ነው፤ እባካችሁ የሰውዬውን ያበጠ እግር እዩት፣ በደቂቃ ስንቴ እንደሚተነፍስ ቁጠሩ፣ ልቡ እየደከመ ነው፣ ዛሬውኑ ከዚያ አውጡት፤ ሚስቴ በጣም ትወደዋለች።»